ከአጃቢነት እስከ ሐምሌት፦ ስለ ኢኖኬንቲ ስሞክቱኖቭስኪ

ይህ ምልልስ በአንድ የትወና መምህርና በቀድሞ ተማሪያቸው መካከል የሚካሄድ ነው። መምህሩ ሙያቸውን ሌኒንግራድ የተማሩ አንጋፋ ናቸው፤ ተማሪያቸው ደግሞ ከተመረቀች ወዲህ ከአጃቢነት ያለፈ ሚና ያላገኘች ወጣት ተዋናይት ናት። የሚነጋገሩት ስለ ሩሲያዊው የፊልምና የመድረክ ተዋናይ ስለ ኢኖኬንቲ ስሞክቱኖቭስኪ ነው። ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ተዋናይት፦ ጋሼ፣ አንድ ነገር በግልጽ ልጠይቅዎት። ክፍል ውስጥ ስለ ትወና ባነሱ ቁጥር የዚህን ሰው ስም ይጠሩ ነበር። ሰሞኑን ሐምሌት የሆነበትን ፊልም አየሁት። ታሪኩን በጸጋዬ ገብረ መድኅን ትርጉም ስለማውቀው ሩሲያኛው ባይገባኝም አልጠፋብኝም። ግን የጠበቅሁትን አላገኘሁም። አይጮህም፣ ደረቱን አይደቃም፣ እንባውን አያሳየንም። ታላቅነቱ የቱ ላይ ነው?

መምህር፦ መልሱ እዚያው ያየሽው ፊልም ውስጥ አለ፣ ልጄ። ሐምሌት በባሕሩ ዳር፣ በቋጥኞቹ መካከል ብቻውን የሚሄድበትን ቦታ አስታውሺ። በዓለም ላይ ያለ ተዋናይ ሁሉ የሚመኘውም የሚፈራውም ንግግር ያ ነው፤ መኖር ይሻላል ወይስ አለመኖር የሚለው። ብዙዎች እዚያ ሲደርሱ ድምፃቸውን ያሳምራሉ። በዚህ ፊልም ግን ንግግሩ የሚሰማን እንደ ውስጥ ድምፅ ነው። ካሜራው የሚያሳየን የሚያስብ ሰው ነው። ሐሳቡ ሲመጣበት፣ ሲከብደው፣ ሊሸሸው ሲሞክር፣ ተመልሶ ሲይዘው ፊቱ ላይ ታያለሽ። ከእሱ በፊት የሶቪየት ፊልም ጀግኖች ባብዛኛው አስበው የጨረሱ ሰዎች ነበሩ፤ ወደ ካሜራው የሚመጡት የወሰኑትን ሊነግሩን ነው። ስሞክቱኖቭስኪ ግን ገና ያልወሰነ ሰው ይዞልን መጣ። የእሱ ታላቅነት ይህ ነው እላለሁ።

ተዋናይት፦ እንዲህ ያለው ነገር ትምህርት ቤት ይገኛል? የት ተማረው?

መምህር፦ ትምህርት ቤትማ ብዙም አልቆየም። ክራስኖያርስክ ከተማ ቴአትር ቤት ውስጥ በተከፈተ ስቱዲዮ ጥቂት ጊዜ ተምሯል፤ ከዚያ ወጥቶ ሄደ። ስለዚህ ከሕይወቱ ልጀምርልሽ። የተወለደው ማርች 28 ቀን 1925 በሳይቤሪያ፣ ቶምስክ አካባቢ፣ ታትያኖቭካ በምትባል መንደር ነው። የቤተሰቡ ስም ስሞክቱኖቪች ነበር። በ1930ዎቹ መጀመሪያ ረሀብ ሲገባ ወላጆቹ መንደራቸውን ለቀው ተሰደዱ፤ እሱን ክራስኖያርስክ ያለች አክስቱ ወስዳ አሳደገችው። ጦርነቱ ሲመጣ አባቱ ዘመተ፤ ከግንባርም አልተመለሰም። እሱ ራሱ በ1943 ለመኮንንነት ሥልጠና ተጠራ። ሥልጠናውን ግን አልጨረሰም። በትምህርት ሰዓት ማሳ ላይ የተረፈ ድንች ለቅመሃል ተብሎ ተቀጣና ተራ ወታደር ሆኖ ወደ ግንባር ተላከ።

ተዋናይት፦ ለድንች?

መምህር፦ ለድንች። ያኔ ገና 18 ዓመቱ ነው። በቀጥታ የገባው ኩርስክ ውጊያ ላይ ነበር። ከዚያ የድኒፐርን ወንዝ ተሻገረ፤ በተኩስ መካከል መልእክት ለማድረስ ላሳየው ጀግንነት ሜዳሊያ ተጻፈለት። በዲሴምበር 1943 ዩክሬን ውስጥ ተማረከ። አንድ ወር ያህል በጀርመኖች የምርኮኛ ካምፖች ከቆየ በኋላ፣ ምርኮኞቹ በእግር ሲነዱ ከሰልፉ ተለይቶ አመለጠ። አንዲት ዩክሬናዊት እናት ቤቷ ደበቀችው። ቢያዝ እሷና ቤተሰቧ አብረው እንደሚገደሉ እያወቀች አበላችው፤ እስኪያገግምም አስታመመችው። በኋላ ከሽምቅ ተዋጊዎች ጋር ተቀላቀለ፤ ከእነሱም ወደ መደበኛው ጦር ተመለሰ፤ ጦርነቱ ሲያልቅ ጀርመን ምድር ላይ ነበር።

ተዋናይት፦ እንግዲህ ጀግና ሆኖ ተመለሰ ማለት ነው።

መምህር፦ በእኔና በአንቺ ዓይን አዎ። በስታሊን ዘመን ግን የተማረከ ወታደር ተጠርጣሪ ነው። ለምን አልሞትክም? እንዴት አመለጥክ? ማን ፈታህ? ይባላል። ከጠላት ካምፕ ወጥተው የራሳቸው አገር ካምፕ የገቡ ብዙዎች ነበሩ። ስሞክቱኖቭስኪ አልታሰረም፤ ሥጋቱ ግን አልለቀቀውም። በ1946 ተነሥቶ ኖሪልስክ ገባ። ኖሪልስክ ከሰሜን ዋልታ ክበብ በላይ ያለች፣ ክረምቷ ለሳምንታት ፀሐይ የማያይ፣ እስረኞች የገነቧት የማዕድን ከተማ ናት። ወደዚያ የሄደበትን ምክንያት ራሱ በኋላ ሲያስረዳ፣ ከዚያ ወዲያ የሚያግዙት ቦታ ስለሌለ ነው ብሏል።

ተዋናይት፦ እዚያ ቴአትር ነበር?

መምህር፦ ነበር እንጂ። የሚያስደንቀውም እሱ ነው። ከመሥራቾቹና ከተዋናዮቹ መካከል ግዞተኞችና እስራታቸውን የጨረሱ ሰዎች ነበሩ፤ ብዙዎቹ ከሞስኮና ከሌኒንግራድ መድረኮች የተነቀሉ ባለሙያዎች ናቸው። አንዱ ጆርጂ ዥዦኖቭ ነበር፤ በኋላ የሶቪየት ፊልም ዝነኛ የሆነው። በ1938 ተይዞ፣ ካምፕ ከርሞ፣ ተለቅቆ፣ እንደገና ተይዞ ኖሪልስክ በግዞት የተላከ ሰው ነው። ስሞክቱኖቭስኪ ከእንደዚህ ያሉ ሰዎች ጋር በአንድ መድረክ ሠራ። እነሱ የሆኑትን ሁሉ አፍ አውጥተው መናገር አይችሉም፤ ነገር ግን እየሠሩ ነው። በዝምታቸው ውስጥ ምን እንዳለ ማየት የተማረው እዚያ ይመስለኛል። ዥዦኖቭ ተሰጥኦውን አይቶ ከዚህ ውጣ፣ ወደ ትልቅ ከተማ ሂድ እያለ ገፋው፤ ለሌኒንግራዱ ታዋቂ ኮሜዲያን ለአርካዲ ራይኪን የድጋፍ ደብዳቤም ጻፈለት።

ተዋናይት፦ እና ሲወጣ ተሳካለት?

መምህር፦ ወዲያው አልተሳካለትም። ጤናው ተጎድቶ ነው ከኖሪልስክ የወጣው። ከዚያ ማካችካላ፣ ከዚያ ስታሊንግራድ፣ ከአንዱ የክፍለ ሀገር ቴአትር ወደ ሌላው። በ1955 ሞስኮ ሲገባ 30 ዓመት ሊሞላው ነው፤ አንድም ቴአትር ቤት አልተቀበለውም። ደጋግሞ ራሱን አስፈተነ፤ ደጋግመው መለሱት። የሚለብሰው ስላልነበረው በበጋ የበረዶ መንሸራተቻ ልብስ ለብሶ ይዞር ነበር፤ ማደሪያ ሲያጣ የሰው ፎቅ ደረጃ ላይ ተኝቷል። በአንዱ ቴአትር ቤት በአጃቢነት፣ ሕዝብ መካከል ቆሞ የሚያልፍ ሰው ሆኖ ሠራ። የወደፊት ባለቤቱን ሹላሚትን ያገኛትም እዚያው ነው፤ በአልባሳት ክፍል ትሠራ ነበር። እስከ ሕይወቱ ፍጻሜ አብራው ኖራለች።

ተዋናይት፦ ጋሼ፣ ይህን የሚነግሩኝ ሊያጽናኑኝ ከሆነ አመሰግናለሁ፤ ግን አንድ ነገር ያስፈራኛል። እኛ አገር ‹‹ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም›› ይባላል። ታላቅ ተዋናይ ለመሆን መራብ፣ መማረክ፣ ደረጃ ላይ ማደር አለብኝ ማለት ነው? መከራ ያላየ ሰው ትወና አይችልም?

መምህር፦ እንዲህ ብዬ አላስተማርኩሽም፤ አሁንም አልልም። ከኩርስክ የተመለሱ፣ የተማረኩ፣ የተራቡ በብዙ ሺሕ የሚቆጠሩ ነበሩ፤ ተዋናይ የሆኑት በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። መከራ ብቻውን ብዙውን ጊዜ ሰውን ያደነዝዛል፣ ያመርራል። ማንም ለማንም መከራን መመኘት የለበትም፤ ለተዋናይም ቢሆን። የስሞክቱኖቭስኪ ልዩነት ያየውን ነገር መጠቀሙ ላይ ነው። መከራውን አልሸጠውም። ስለ ምርኮው ለረጅም ዓመታት በአደባባይ ብዙ አልተናገረም። ወደ መድረክ ሲወጣም ተመልከቱ፣ እኔ ይህን ሁሉ አልፌአለሁ አይልም። ያ ሁሉ የሚታየው በአንድ ነገር ነው፤ ሌላውን ሰው በሚሰማበት አኳኋን። ፊልሞቹን ስታዪ ሌላው ሲናገር እሱን ተመልከቺ። የሞት ፍርድ የሚሰማ ያህል ያዳምጣል።

ተዋናይት፦ ምሳሌዬ ልክ አይደለም ማለት ነው?

መምህር፦ ልክ ነው፤ ለተዋናይ ግን ግማሹ ነው። ከአንጀቱ ያለቀሰ ሰው እንባው አይገድም፤ ተዋናይ ደግሞ ያንን እንባ መያዝ አለበት። እሱ ሲይዘው ነው ተመልካቹ የሚያለቅሰው።

ተዋናይት፦ እሺ፤ ከዚያ ደረጃ ላይ ማን አነሣው?

መምህር፦ ሰዎች አነሡት፤ ይህን ልብ በይ። የመጀመሪያው የፊልም ዳይሬክተሩ ሚካኢል ሮም ነው። በ1956 በወጣው ‹‹ግድያ በዳንቴ ጎዳና›› ፊልም ላይ ትንሽ ሚና ሰጠው። ስሞክቱኖቭስኪ ካሜራ ፊት ሲቆም ተርበተበተ፤ ቃሉ ጠፋበት። ቀረጻው ተደገመ፣ ተደገመ። ፊልም ውድ ነው፣ ሠራተኛው ተሰላችቷል፤ አጠገቡ ያሉት ይህን ሰው ከየት አመጣችሁት ማለት ጀምረዋል። ሮም ግን አላባረረውም። አረጋጋው፣ ጊዜ ሰጠው፣ እስኪሳካለት ጠበቀው። ያን ቀን ‹‹ሌላ ሰው አምጡልኝ›› ቢል ኖሮ ሐምሌትን ላናየው እንችል ነበር።

ተዋናይት፦ ዳይሬክተር እንዲህ ሲታገሥ አላየሁም።

መምህር፦ ሮም ሳይረሳው፣ ከዓመታት በኋላ በ1962 ‹‹የአንድ ዓመት ዘጠኝ ቀናት›› ላይ ኩሊኮቭ የሚባለውን የፊዚክስ ሊቅ ሰጠው። ዋናው ገጸ ባሕርይ ለሳይንስ ሲል ጨረር የሚጎዳው ጓደኛው ነው፤ አሌክሴይ ባታሎቭ ተጫውቶታል። ኩሊኮቭ የሚቀልድ፣ የሚጠራጠር፣ ለምንም ነገር የማይንበረከክ ሰው ነው። በጽሑፍ ደረጃ ሁለተኛ ሰው ነው፤ ሲታይ ግን ዓይንሽ ከእሱ አይነቀልም። ሁለተኛ ሚና የሚባል ነገር በተዋናዩ እጅ እንደሆነ ከዚህ ፊልም ተማሪ።

ተዋናይት፦ በመሐሉ ግን መድረክ ነበር። የዶስቶየቭስኪን ‹‹ጅሉ›› ሠርቷል ሲባል እሰማለሁ።

መምህር፦ የሕይወቱ መታጠፊያ እሱ ነው። በዚያው በ1956 ‹‹ወታደሮች›› የሚል ፊልም ላይ ፋርበር የሚባለውን መኮንን ተጫወተ። ፊልሙ ከቪክቶር ኔክራሶቭ የስታሊንግራድ ልብ ወለድ የተወሰደ ነው። ፋርበር መነጽር ያደረገ፣ ዝምተኛ፣ ለጦርነት ያልተፈጠረ የሚመስል ምሁር ነው። ጆርጂ ቶቭስቶኖጎቭ፣ የሌኒንግራድ ቦልሾይ ድራማ ቴአትር ዋና አዘጋጅ፣ የ‹‹ጅሉ››ን ዋና ገጸ ባሕርይ ልዑል ሚሽኪንን የሚጫወትለት ሰው ሲያጣ እነዚያ የፋርበር ዓይኖች ትዝ አሉት። ሰውየውን አስጠራው። በቴአትር ቤቱ ያሉት ተዋናዮች ግን አልወደዱትም፤ ልምምዱ ላይ ያጉተመትማል፣ ድምፁ አይወጣም፣ ሚናው አልጨበጥ ብሎታል። እሱ ራሱ ተስፋ ቆርጦ ሊተወው ደርሶ ነበር።

ተዋናይት፦ ታዲያ እንዴት ያዘው?

መምህር፦ በማየት ያዘው። አንድ ቀን ሌንፊልም ስቱዲዮ ኮሪደር ላይ ሰው ሲተራመስ፣ አንድ ሰው በዚያ ግርግር መካከል ቆሞ መጽሐፍ ያነብባል። ሰው ይገፋዋል፣ ያልፈዋል፤ እሱ ግን ሌላ ዓለም ውስጥ ነው። ስሞክቱኖቭስኪ ቆሞ ተመለከተው፤ ሚሽኪን ይህ ነው አለ። በኋላ ሲጠይቅ ሰውየው ለዓመታት በእስር ካምፕ የኖረ መሆኑን ሰማ። ከዚያ ወዲያ አቋቋሙም፣ እጁም፣ ድምፁም ቦታ ቦታቸውን ያዙ። ዲሴምበር 31 ቀን 1957 ቴአትሩ ተከፈተ። 32 ዓመቱ ነበር። ያጉተመተሙት ባልደረቦቹ ሳይቀሩ ዝም አሉ። ሰዎች ከሞስኮ ድረስ ባቡር እየተሳፈሩ ያንን ሚሽኪን ሊያዩ ይመጡ ነበር። በ1966 ደግሞ ዝግጅቱ ታድሶ ለንደንና ፓሪስ ታይቷል።

ተዋናይት፦ እንግዲህ ወደ ሐምሌት እንመለስ። አሁን በሌላ ዓይን ላየው ነው።

መምህር፦ እንመለስ። ዳይሬክተሩ ግሪጎሪ ኮዚንትሴቭ ነው። ሐምሌትን ቀደም ብሎ በ1954 በመድረክ አዘጋጅቶታል፤ ለዓመታት ሲያስብበት የኖረ ሰው ነው። ትርጉሙ የቦሪስ ፓስተርናክ፣ ሙዚቃው የዲሚትሪ ሾስታኮቪች ነው። ፓስተርናክ በ1958 ኖቤል ተሸልሞ፣ አገሩ አዋርዶት፣ ሽልማቱን እንዲተው ተገድዶ በ1960 የሞተ ገጣሚ ነው፤ ፊልሙን አላየውም። ሾስታኮቪችም በስታሊን ዘመን ሁለት ጊዜ በአደባባይ የተወገዘ ነው። የጦር ምርኮኛ የነበረ ተዋናይ፣ የተዋረደ ገጣሚ፣ የተወገዘ ሙዚቀኛ በአንድ ፊልም ተገናኙ። ሌላ አገር ቢሆን ሐምሌት የአንድ ልዑል የቤተሰብ ጣጣ ነው። እነዚህ ሰዎች ግን ስለላና ጥርጣሬ የሞላበትን ቤተ መንግሥት ከመጽሐፍ አልነበረም የሚያውቁት።

ተዋናይት፦ መጀመሪያ ላይ ልዑሉ በፈረስ ሲገባ በሩ የሚዘጋበት ቦታ አስደንግጦኛል።

መምህር፦ ኮዚንትሴቭ ያንን ያደረገው ዐውቆ ነው። ድንጋይ፣ ብረት፣ እሳት፣ ባሕር፤ ቤተ መንግሥቱ እስር ቤት ነው። አሁን ደግሞ የዋሽንቱን ትዕይንት አስታውሺ። ንጉሡ የላካቸው ሁለት የቀድሞ ጓደኞቹ የልቡን ምስጢር ሊያወጡ ይመጣሉ። ሐምሌት ዋሽንት ይሰጣቸዋል፤ መንፋት አንችልም ይላሉ። ይህችን ትንሽ እንጨት መጫወት ካልቻላችሁ እኔን እንዴት ልትጫወቱብኝ ታስባላችሁ የሚል ነው የነገሩ ፍሬ። ስሞክቱኖቭስኪ አይጮህባቸውም። ድምፁ ዝቅ ያለ ነው፤ ቁጣው የሚታወቀው ቃላቱን እየለየ ሲያስቀምጣቸው ነው። ምን ዓይነት ጥያቄ እንደሚጠየቅ የሚያውቅ፣ በልቡ ያለውን ለማንም ላለመስጠት የወሰነ ሰው ነው። በ1964 የሶቪየት ሲኒማ አዳራሾች ውስጥ የተቀመጠ ተመልካች ይህን ሳይተረጎምለት ተረድቶታል። መጀመሪያ አይጮህም ብለሽኝ ነበር፤ ምክንያቱ ይህ ነው።

ተዋናይት፦ ተሸላሚም ሆኗል አይደል?

መምህር፦ ፊልሙ በ1964 ቬኒስ ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማት አገኘ። በ1965 ኮዚንትሴቭና ስሞክቱኖቭስኪ የሌኒን ሽልማት ተሰጣቸው። እንግሊዞችም፣ የሼክስፒር ባለቤቶች፣ ለብሪታንያ የፊልም አካዳሚ ሽልማት አጭተውታል። ሥራው ግን እንዲህ ያለ ስምምነት የነበረበት አይምሰልሽ። ዳይሬክተሩ ጠንካራና ተዋጊ ሐምሌት ይፈልጋል፤ ተዋናዩ ደግሞ ይበልጥ ለስላሳ፣ ለሰው የቀረበ እንዲሆን ይሻል። ተከራከሩ። የምናየው ሐምሌት የሁለቱም ነው፤ ትከሻው የኮዚንትሴቭ፣ ዓይኖቹ የስሞክቱኖቭስኪ።

ተዋናይት፦ ከሐምሌት በኋላ ሰው ሌላ ሚና ላይ አይቀበለውም ብዬ አስባለሁ። በአንድ ሚና መታሰር አለ።

መምህር፦ ብዙዎች እዚያ ቀርተዋል። እሱ ከሁለት ዓመት በኋላ በ1966 በኤልዳር ሪያዛኖቭ ‹‹ከመኪና ተጠንቀቁ›› ውስጥ ዴቶችኪን ሆነ። ዴቶችኪን የኢንሹራንስ ሠራተኛ ነው፤ ማታ ማታ የጉቦኞችንና የአጭበርባሪዎችን መኪና ይሰርቃል፣ ይሸጣል፣ ገንዘቡን ለሕፃናት ማሳደጊያዎች ይልካል። ያስቃል፤ ያሳዝናልም። ደግሞ ይህ ሰው በአማተር ቴአትር ቡድን ውስጥ ሐምሌትን ይጫወታል! የሚያሳድደው መርማሪም የቡድኑ አባል ነው። ስሞክቱኖቭስኪ ታምሞ ስለነበር ሚናውን ሊተወው አስቦ ነበር፤ ሪያዛኖቭ ያለበት ድረስ ሄዶ ለመነው። ያገሩ ሕዝብ በፍቅር የያዘው ከሐምሌት ይልቅ በዚህ የዋህ ሌባ ነው ብል ማጋነን አይሆንም።

ተዋናይት፦ ልዑልና ሌባ፤ ሁለቱም ግን ለእውነት የቆሙ ናቸው። ክፉ ሰው መጫወት ይችላል?

መምህር፦ ‹‹ወንጀልና ቅጣት››ን ፈልጊ፤ ሌቭ ኩሊድዣኖቭ በ1970 ያወጣውን። መርማሪውን ፖርፊሪን ይጫወታል። ያ ለስላሳ ድምፅ እዚህ ወጥመድ ሆኗል፤ እያባበለ ነው የሚያጠምደው። በዚያው ዓመት በአንድሬይ ኮንቻሎቭስኪ ‹‹አጎት ቫንያ›› ዕድሜውን ለሰው ሲገብር ኖሮ ዘግይቶ የነቃ ሰው ሆነ፤ በዚያው ዓመት በወጣ ሌላ ፊልም ደግሞ ሙዚቀኛውን ቻይኮቭስኪን ተጫወተ። የታርኮቭስኪን ‹‹መስታወት›› ካየሽ ፊቱ የማይታየው ተራኪ ድምፅ የእሱ ነው። እኔን ከሁሉ የሚገርመኝ ግን ሌላ ነው። ቅድመ አያቱ አፍሪካዊ ስለሆነ እኛም እንደ ዘመድ የምናየው ፑሽኪን ስለ ሞዛርትና ሳልየሪ አጭር ተውኔት ጽፏል። ስሞክቱኖቭስኪ በ1962 በተሠራ የኦፔራ ፊልም ላይ ሞዛርትን ሆነ፤ በ1979 ደግሞ በሚካኢል ሽቫይትዘር ‹‹ትናንሽ ሰቆቃዎች›› ውስጥ መራዡን ሳልየሪን። የተመረዘውንም የመረዘውንም ሆኖ መቆም የቻለ ተዋናይ ስንት አለ?

ተዋናይት፦ አሁን የሚከብደኝን ጥያቄ ላንሣ። ያ መንግሥት ምርኮኛ ነህ ብሎ አሸሸው። ከዚያ ይኸው መንግሥት ሲሸልመው ተቀበለ። በፊልም ሌኒንንም ተጫውቷል። ይህ እንዴት ይታያል? ዋሽንቱን ለሰጣቸው ሰዎች አልተጫወተላቸውም?

መምህር፦ ጥያቄው ፍትሐዊ ነው፤ አልሸፍንም። አዎ፣ በ1965 ሌኒንን ተጫውቷል። በ1974 የሶቪየት ኅብረት ሕዝብ አርቲስት፣ በ1990 የሶሻሊስት ሥራ ጀግና ተብሏል። ከመቶ በላይ ፊልም ሲሠራ ደካሞችም አሉባቸው፤ ለእንጀራ ሲል የተቀበላቸው ሚናዎች ነበሩ፣ ሚስትና ልጆች ያሉት ሰው ነው። ተቃዋሚ አልነበረም፤ በአደባባይም አልተፋለመም። እኔ የምመዝነው ግን በሰጠን ነገር ነው። ሰው ሁሉ አንድ ዓይነት መፈክር በሚያሰማበት ዘመን፣ እሱ ለሁለት ሰዓት ተኩል ገደማ የሚጠራጠር፣ የሚያስብ፣ ልቡን የማይሸጥ ሰው በሲኒማ አቁሞ ሚሊዮኖች እንዲያዩት አድርጓል። ሽልማቱ ያንን ፊልም አልቀየረውም። ሽልማቶቹ ታሪክ ሆኑ፤ ዋሽንቱ ግን ዛሬም ይሠራል፤ አንቺም ከስልሳ ዓመት በኋላ አየሽው።

ተዋናይት፦ መልሱን እቀበላለሁ፤ ሙሉ በሙሉ ባያረካኝም።

መምህር፦ አያርካሽ። ባለሙያ በእንደዚህ ያለ ጥያቄ ላይ ተኝቶ ማደር የለበትም።

ተዋናይት፦ ዕድሜውን የት ጨረሰ?

መምህር፦ በ1973 በማሊ ቴአትር ዛር ፊዮዶርን ተጫወተ፤ ደግ ሆኖ ሥልጣን የከበደውን ንጉሥ። በ1976 የሞስኮ አርት ቴአትር ገባ። የጠራው ኦሌግ የፍሬሞቭ ነው፤ ‹‹ከመኪና ተጠንቀቁ›› ላይ መርማሪ ሆኖ ያሳደደው ያ ሰው። እዚያ የቼኾቭን ኢቫኖቭ ሠራ፣ እስከ መጨረሻውም ከዚያ መድረክ አልወረደም። በጦርነቱ የተጻፈለት የመጀመሪያው ሜዳሊያ ተረስቶ ኖሮ፣ ወደ ግማሽ ምዕተ ዓመት ገደማ ከቆየ በኋላ በቴአትሩ መድረክ ላይ ተሰጠው። ኦገስት 3 ቀን 1994 በ69 ዓመቱ ዐረፈ፤ የተቀበረው ሞስኮ፣ ኖቮዴቪቺ መካነ መቃብር ነው።

ተዋናይት፦ ጋሼ፣ ከዚህ ሁሉ ለእኔ የሚተርፈው ምንድን ነው? ነገም እኮ አጃቢ ነኝ።

መምህር፦ ሁለት ነገር ይተርፍሻል። አንደኛው የአንቺ ድርሻ ነው። ከኋላ ቆመሽም ቢሆን ማየትና መስማት አታቁሚ። እሱ ደረጃ ላይ አድሮ ሲነሣ ሰዎችን ያይ ነበር፤ ዕድሉ ሲመጣ ባዶ እጁን አላገኘውም። ሁለተኛው የአንቺ ድርሻ አይደለም፤ የእኛ ነው፤ የአዘጋጆቹ፣ የመምህራኑ፣ የቴአትር ቤት ኃላፊዎቹ። ዥዦኖቭ ደብዳቤ ባይጽፍ፣ ሮም ቀረጻውን ባይደግም፣ ቶቭስቶኖጎቭ ጥንድ ዓይን ባያስታውስ ኖሮ ስሞክቱኖቭስኪ ማካችካላ ወይም ስታሊንግራድ ውስጥ የማይታወቅ ተዋናይ ሆኖ ይሞት ነበር። ተሰጥኦ ብቻውን በር አይከፍትም። በሌላ አገርም ሆነ በእኛ ስንቱ እንዲህ ሳይታይ እንዳለፈ አስቢ።

ተዋናይት፦ ይህን ለአዘጋጆቹም ቢነግሩልኝ።

መምህር፦ እነግራቸዋለሁ፤ ይህን የሚያነብ አዘጋጅም ካለ ይስማኝ። ነገ ልምምድ ስትገቡ ከአጃቢዎቹ መካከል አንዱን ለይታችሁ ተመልከቱ። ቃሉ ቢጠፋበት አንድ ጊዜ ድገሙለት፤ ካልተሳካ አሁንም ድገሙለት። ሮም ያደረገው ይህን ብቻ ነው።